ሰኞ ጠዋት የሚነሳ ሆድ ቁርጠት፦ ትምህርት ቤት መሄድ ያቃታት የ14 ዓመት ተማሪ ጉዳይ

ተማሪዋ 14 ዓመቷ ነው፤ አራት ኪሎ አካባቢ በሚገኝ የመንግሥት ትምህርት ቤት የ8ኛ ክፍል ሚኒስትሪ ተፈታኝ ናት። በ2017 ዓ.ም. የካቲት መጀመሪያ፣ ሁለተኛው መንፈቀ ዓመት ሲከፈት፣ አክስቷ ይዛት ወደ ትምህርት ቤቱ የምክር አገልግሎት ክፍል መጣች። ከኅዳር ወዲህ ከትምህርት ቀናቱ ከግማሽ በላይ ቀርታለች፤ ከጥምቀት በኋላ ደግሞ ጭራሽ አልመጣችም፣ የማጠቃለያ ፈተናውም አመለጣት። የሚነገረው ችግር አንድ ነው፦ ጠዋት ጠዋት ሆዷን ይቆርጣታል፣ ያቅለሸልሻታል፣ አንዳንድ ቀን ያስመልሳታል። ማንነቷን ሊያሳውቁ የሚችሉ ዝርዝሮች እዚህ ተለውጠዋል።

የተማሪዎችን ሥነ ሥርዓት በሚከታተለው በዩኒት ሊደሩ መዝገብ ስሟ ሰፍሮ አያውቅም። አትረብሽም፣ አትጣላም፣ የቤት ሥራዋን ትሠራለች። ጉዳዩ ሳይታወቅ ሦስት ወር የቆየውም በዚሁ ነው። የሚደባደብ ልጅ በሳምንቱ ወላጅ ይጠራበታል፤ ዝም ብላ የምትቀር ልጅ ግን «አሟት ነው» ተብላ ትታለፋለች። የዓለም ጤና ድርጅት እንደሚለው ከአእምሮ ጤና ችግሮች ሲሶው ከ14 ዓመት፣ ግማሹ ደግሞ ከ18 ዓመት ዕድሜ በፊት የሚጀምሩ ሲሆን አብዛኞቹ ሳይታወቁና ሳይታከሙ ይቀራሉ። የዚህች ልጅም ነገር ወደዚያው እየሄደ ነበር።

ከዚያ በፊት የተሞከረው

ቤተሰቡ እጁን አጣጥፎ አልተቀመጠም። መጀመሪያ የሄዱበት የግል ክሊኒክ ደም ወስዶ «ታይፎይድና ታይፈስ» አለ፤ ሲፕሮፍሎክሳሲን የተባለ አንቲባዮቲክ ታዘዘላት። ትኩሳት ግን አልነበራትም። በአንድ ናሙና ብቻ የሚሠራ ዊዳል የተባለው የታይፎይድ የደም ምርመራ በሽታው በሚዘወተርበት አገር ብዙ ጤነኛ ሰው ላይም «ፖዘቲቭ» ያሳያል፤ ድሮ ያለፈ ኢንፌክሽን በደም ውስጥ የተወውን ፀረ እንግዳ አካል አሁን ካለው በሽታ አይለይም። ሁለተኛው ክሊኒክ «ጨጓራ ነው» ብሎ ለ14 ቀን የሚወሰድ መድኃኒት ሰጣት። እሱን ስትጨርስ ገና ደረሰ፣ ትምህርት ተዘጋ፣ ሕመሙም ጠፋ። ቤተሰቡ መድኃኒቱ ሠራ ብሎ ደስ አለው። ትምህርት በተከፈተ ማግስት ሕመሙ ተመልሶ መጣ።

ሦስተኛው ጋ ጉሉኮስ ተተከለላት፣ «ጭንቀትም ይኖርባታል» ተብሎ ማታ ማታ የሚዋጥ 25 ሚሊ ግራም አሚትሪፕቲሊን የተባለ የድብርት መድኃኒት ታዘዘ። «ጭንቀት» የሚለው ግምት ትክክል ነበር፤ መድኃኒቱ ግን ለዚህ ዕድሜና ለዚህ ችግር የሚመረጥ አይደለም። አፍ ያደርቃል፣ ሆድ ያደርቃል፣ ጠዋት ያፈዛል፤ ከዚያ ላይ ብዙ ፍሬ በአንዴ ቢዋጥ ልብን የሚጎዳ አደገኛ መድኃኒት ነው። ቀድሞም መነሳት የሚከብዳት ልጅ ጭራሽ መነቃት አቃታት፣ የሆድ ድርቀቱም ቁርጠቱን አባሰው።

በመካከሉ ጎረቤት «ዓይነ ጥላ ነው፣ ከትምህርቷ ሊያስቀራት ነው» አለ። እናትየው ወደ እንጦጦ ለጠበል ወሰደቻት። ልጅቷ ጠበሉን ትወደዋለች፤ ስትጠመቅ ቀለል ይላታል። የሚጠመቁት ግን በሥራ ቀን ማለዳ ስለነበር ከትምህርት ገበታ የምትቀርበት አንድ ተጨማሪ ምክንያት ሆነ።

የሰዓትና የቀን መዝገብ

መጀመሪያ የተሠራው ሥራ ቀላልና ርካሽ ነው። በአንድ ሉክ ወረቀት ላይ ለሁለት ሳምንት አራት ነገር ብቻ ተመዘገበ፦ ሕመሙ የጀመረበት ሰዓት፣ የለቀቀበት ሰዓት፣ ቀኑ፣ ከሕመሙ በኋላ ማን ምን እንዳደረገ። ያለፈው ጊዜ ከክሊኒክ ካርዶቹና ከእናትየው ትዝታ ተሞላ። የወጣው ሥዕል ይህ ነው፦ ቁርጠቱ ጠዋት 12:15 ላይ ይጀምራል፣ 1:15 ግድም ይበረታል፣ ትምህርት ቤቱ በሩን ዘግቶ «ዛሬ ቀረሁ» የሚለው ከተረጋገጠ በኋላ ይረግባል፣ 4:00 ላይ የለም። ቅዳሜ የለም። እሑድ ማታ ዩኒፎርሙ ሲተኮስ ጀመር ጀመር ያደርጋታል።

ይህ መዝገብ ብቻውን «በሽታ የለባትም» አያሰኝም። ስለዚህ በጤና ጣቢያ ሐኪም አያት፤ ክብደትና ቁመቷ ተለካ፣ የሰገራ፣ የሽንትና የደም ማነስ ምርመራ ተደረገ። ክብደት መቀነስ፣ ሰገራ ላይ ደም፣ ከእንቅልፍ የሚቀሰቅስ ሕመም፣ ትኩሳት፣ የሚደጋገም ተቅማጥ፣ አንዱም አልተገኘም። ከእነዚህ አንዱ ቢኖር መንገዱ ወደ ሆስፒታል ነበር። አሚትሪፕቲሊኑን ሐኪሙ ራሱ አስቆማት።

እዚህ ላይ ለቤተሰቡ የተነገረው ቃል ወሳኝ ነው። «ምንም የለባትም» አልተባለም። ሲደጋገም «ታስመስላለች» ወደሚል ይለወጣል፣ ልጅቷም ሕመሟን ለማስመስከር የባሰ ትታመማለች። የተባለው ይህ ነው፦ «ሕመሙ እውነተኛ ነው። ሰውነት ሲፈራ ደም ከሆድ ወደ ጡንቻ ይሄዳል፣ አንጀት ይኮማተራል፣ ያቅለሸልሻል። የሚያማት ሆዷን ነው፤ የሚያስነሳው ግን ፍርሃት ነው።»

ብቻዋን ስትጠየቅ

አክስት በሌለችበት፣ በሩ ገርበብ ባለ ክፍል፣ ከምክር ባለሙያዋ ጋር ሦስት ጊዜ ተነጋገረች። በመጀመሪያው ቀን የምትናገረው ነገር ምስጢር መሆኑ፣ ሕይወቷ ወይም ደኅንነቷ አደጋ ላይ ከሆነ ግን ለወላጅ እንደሚነገር በግልጽ ተነገራት። ስለ ቤት፣ ስለ ክፍል፣ ስለ ጓደኛ፣ ስለ እንቅልፍና ስልክ፣ ያስፈራራት ወይም ያለፈቃዷ የነካት ሰው መኖር አለመኖሩ ተጠየቀች። በሁለተኛው ቀን ወሬዋ ተፈታ።

በጥቅምት አንድ ጠዋት በባንዲራ ሰልፍ ላይ አስመለሳት። ከኋላ የነበሩ ልጆች ሳቁ፣ አንዱ ቅጽል ስም አወጣላት፣ ስሙም ተለጠፈ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሰልፉ ላይ ስትቆም «አሁን ሊያስመልሰኝ ነው» ትላለች፣ ስትልም ያቅለሸልሻታል። እንዳያስመልሳት ቁርስ መብላት ተወች፤ በባዶ ሆድ ስኳር የበዛበት ሻይ ብቻ እየጠጣች ስትሄድ ማቅለሽለሹ ባሰ። በክፍለ ጊዜ መካከል ለመውጣት መጠየቅ ያሳፍራታል፤ የመጸዳጃ ቤቱ በር አይዘጋም፣ ውኃም ብዙ ቀን የለም። ስለዚህ ቀኑን ሙሉ ውኃ አትጠጣም።

ከዚህ በታች ደግሞ ሌላ ነገር አለ። በ2016 ዓ.ም. ፒያሳ ዙሪያ ለኮሪደር ልማት ሲፈርስ የቤተሰቡ የቀበሌ ቤትም አብሮ ፈረሰ። ወላጆቿ ከተማው ዳር ወዳለ ኮንዶሚኒየም ሄዱ፤ እሷ ግን ሚኒስትሪን በለመደችው ትምህርት ቤት እንድትፈተን ከሰኞ እስከ ዓርብ አክስቷ ዘንድ ቀረች። አብረዋት የሚመላለሱ ሁለቱ ጓደኞቿም ሰፈራቸው ፈርሶ ትምህርት ቤት ቀየሩ። ጠዋት በሩ ላይ የሚጠብቃት ሰው የለም። ሰልፉ ላይ ያስመለሳት ልጅ አጠገቧ ጓደኛ ቢኖራት ኖሮ ነገሩ በሳምንት ሊረሳ ይችል ነበር፤ ቢያንስ እኛ የምናምነው ይህን ነው።

ስለ ሞት በቀጥታ ተጠየቀች። ብዙ መምህርና ወላጅ ይህን ጥያቄ ይፈራዋል፤ ሐሳቡን መስጠት ይመስለዋል። መጠየቅ ግን ሐሳቡን አይፈጥርም፣ ያለውን ለመናገር በር ይከፍታል። «ምናለ ባይነጋ እላለሁ» አለች። ራሷን የመጉዳት ዕቅድ፣ የታሰበ መንገድ፣ ያለፈ ሙከራ አልነበረም። ይህ ቢሆንም በዚያው ቀን ለእናትና ለአክስት፣ እሷ ባለችበት ተነገረ፤ በረኪናው፣ የአይጥ መርዙና የተረፈው መድኃኒት ከመደርደሪያ ወርዶ ተቆለፈበት። ጥያቄው ከዚያ በኋላም በየሁለት ሳምንቱ ተደገመ። ዕቅድ ኖሮ ቢሆን ኖሮ ብቻዋን ሳትተው በዚያው ቀን የአእምሮ ሕክምና ወዳለበት ሆስፒታል ትወሰድ ነበር።

መለኪያው ምን አሳየ

ኤስዲኪው የተባለው የጥንካሬና የችግር መጠይቅ 25 ጥያቄ አለው፤ በአማርኛም ይገኛል። እሷ ራሷ ስትሞላው የስሜት ችግር ነጥቧ ከ10 8 ሆነ፤ በተማሪ መልስ 7 እና ከዚያ በላይ ከፍተኛ ነው። ጠቅላላው ከ40 19 ነበር፣ ማለት ከ16 እስከ 19 ባለው የድንበር ክልል። ሆምሩም መምህሯ (የክፍሏ ኃላፊ) ሲሞላ ግን ጠቅላላው 9 ወጣ፤ በመምህር መልስ እስከ 11 ጤናማ ነው። ልዩነቱ የሚገርም አይደለም። የባሕርይና የመቅበጥበጥ ጥያቄዎች ላይ ዜሮ የምታመጣ ጨዋ ልጅ ጠቅላላ ድምሯ ዝቅ ይላል፤ የመምህሩን ወረቀት ብቻ ያየ ባለሙያ መልሶ ወደ ክፍል ይሰዳት ነበር። የስሜቱን ክፍል ለብቻ ማንበብና ልጁን ራሱን መጠየቅ የግድ ነው።

መድኃኒት አልተጀመረም። በዚህ ዕድሜ ለጭንቀት በመጀመሪያ የሚሰጠው የንግግርና የልምምድ ሕክምና ነው። ፍሉኦክሰቲን የተባለው የድብርትና የጭንቀት መድኃኒት የሚታሰበው እሱ ካልሠራ ወይም ጭንቀቱ ከባድ ከሆነ፣ በስፔሻሊስት እጅ፣ በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት የራስን ማጥፋት ሐሳብ በቅርብ እየተከታተሉ ነው። በስድስት ሳምንት ለውጥ ከሌለ ወደ ስፔሻሊስት እንደምትላክ ተጻፈ።

ሥራው፦ መጀመሪያ ትልልቆቹ

ልጅቷን ቤት ያስቀራት የአንድ ሰው ጥፋት አይደለም። እናት ከኮንዶሚኒየሙ በየጠዋቱ 12:30 ትደውልና «አሞሻል እንዴ?» ትላለች። ልጅቷ ሆዷን ማዳመጥ ትጀምራለች። አክስት «ዛሬ ብቻ ትረፍ» ትላለች። አባት ማታ ደውሎ ይቆጣል። ልጅቷ ከእናቷ ርኅራኄን፣ ከአክስቷ ዕረፍትን፣ ከአባቷ ፍርሃትን ታገኛለች፤ ትምህርት ቤት የሚያደርሳት ግን የለም። በቀረች ቁጥር ሆዷ ወዲያው ይረግባል፣ ሰውነቷም መዳኛው መቅረት እንደሆነ ይማራል። ለዚህ ነው «ሲሻላት ትመለሳለች» የሚለው ሐሳብ የማይሠራው፤ የሚያሽላት መመለሱ ራሱ ነው።

ሦስቱ አንድ ላይ ተቀምጠው ተስማሙ። የእናት ስልክ ወደ ማታ 1:00 ተዛወረ፣ የመጀመሪያው ጥያቄም «ቦርሳሽን አዘጋጀሽ?» ሆነ። አባት ስለ መቅረት አንድም ቃል እንዳይናገር፣ ስለ ሄደችበት ቀን ግን እንዲጠይቅ ሆነ። አክስት ጠዋት የምትለው አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ነው፦ «ሆድሽ እንደሚያምሽ አውቃለሁ፤ እስከ በሩ አብረን እንሄዳለን።» ይህ አንዴ ይባላል፣ አይደገምም፣ ክርክር አይገባም። ከቀረች ቀኑ እንደ ትምህርት ቀን ይውላል፦ እስከ 9:30 ቲክቶክ የለም፣ አልጋ የለም፣ ደብተር ይገለበጣል። ቅጣት አይደለም፤ ቤት መዋል ከትምህርት ቤት እንዳይጣፍጥ ነው። ስልኩ ማታ 3:00 ላይ አክስት ክፍል ይገባል፤ መነሻው ቅዳሜና እሑድም ሳይቀር 12:00 ነው።

ትምህርት ቤቱ

ዩኒት ሊደሩ፣ ሆምሩም መምህሩና የምክር ባለሙያዋ ለ40 ደቂቃ ተሰብስበው የተስማሙበት በአንድ ገጽ ሰፈረ። በዕቅዱ ጊዜ በማንኛውም ሰዓት ብትመጣ ትገባለች፤ እንደ አርፋጅ መንበርከክ የለም። በቀን እስከ ሦስት ጊዜ ሳትጠይቅ ካርዷን ጠረጴዛ ላይ አስቀምጣ ለ5 ደቂቃ መውጣት ትችላለች። የመምህራኑን መጸዳጃ ቤት ትጠቀማለች። ያመለጧት ፈተናዎች በሳምንት ሁለት ትምህርት እየተደረገ በቤተ መጻሕፍት ይሰጧታል። ቅጽል ስሙን ያወጣው ልጅ ለብቻው ተጠርቶ ተነገረው፤ ክፍሉ ፊት ይቅርታ እንዲጠይቅ አልተደረገም፣ ሰልፉን ለሁሉም እንደ አዲስ ያስታውሳልና።

የፍርሃት መሰላሉን እሷ ራሷ ከ0 እስከ 10 እየሰጠች ሠራችው። ከታች ያለው በ3 የተመዘነ፣ ቅዳሜ ዩኒፎርም ሳትለብስ እስከ በሩ መሄድ ነው። ቀጥሎ ተማሪ ከወጣ በኋላ 10:00 ላይ ባዶ ክፍል ውስጥ 20 ደቂቃ መቀመጥ፤ ከዚያ በቤተ መጻሕፍት ሁለት ክፍለ ጊዜ፤ ከዕረፍት በኋላ ክፍል መግባት፤ ከመጀመሪያው ክፍለ ጊዜ ጀምሮ ግማሽ ቀን፤ ምሳውን በምገባው አዳራሽ በልቶ ሙሉ ቀን መዋል፤ ሰልፉን ከኋላ ከግድግዳው አጠገብ መቆም፤ በመጨረሻ በ10 የተመዘነው በራሷ ሰልፍ መካከል መቆም። አንዱ ደረጃ በተከታታይ ሁለት ቀን ፍርሃቱ በግማሽ ሲወርድ ወደ ቀጣዩ ይታለፋል።

ዋናው ደንብ ፍርሃቱ ጫፍ ላይ ሳለ አለመውጣት ነው። አብዛኛውን ጊዜ 10፣ 20 ደቂቃ ይወጣና ይወርዳል። ጫፉ ላይ ከወጣች ሰውነቷ ያዳናት መውጣቱ እንደሆነ ይይዛል። ለዚያ ጊዜ በአፍንጫ በ4 ቁጥር መሳብ፣ በአፍ በ6 ቁጥር ማውጣት ተለማመደች፤ በቀን ሁለት ጊዜ ለ5 ደቂቃ፣ ደኅና በሆነችበት ሰዓት። ሲጨንቃት ብቻ የምትሞክረው ቢሆን ኖሮ በጭንቀቱ መካከል አይገኝም ነበር።

የት የት ተሰናከለ

ዕቅዱ የተጀመረበት ሰኞ፣ የካቲት 17፣ ዐቢይ ጾም የገባበት ቀን ነበር። ልጅቷ እስከ 6:00 መጾም ፈለገች፤ ባዶ ሆድ ደግሞ ማቅለሽለሹን ይጠራዋል። ይህን እኛ ልንወስነው አይገባም። እናትየው የንስሐ አባታቸውን አማከረች፤ ሕመምተኛ ስለሆነች ጠዋት የጾም ምግብ እንድትበላ ፈቀዱ። ግማሽ ዳቦና ስኳር የሌለው ሻይ፣ ከመውጣቷ 40 ደቂቃ ቀደም ብሎ። ጠበሉም በእሳቸው ምክር ወደ ቅዳሜና እሑድ ተዛወረ። ቤተሰቡ ከሁለቱ አንዱን ምረጥ ተብሎ ቢሆን ኖሮ ወደ ምክር ክፍሉ አይመለስም ነበር።

በሁለተኛው ሳምንት ክፍል የገባችበት የመጀመሪያ ቀን፣ አንዲት መምህርት ከልቧ ደስ ብሏት «እንኳን ደህና መጣሽ! የት ጠፍተሽ ነበር?» አለች፣ ክፍሉም አጨበጨበ። በማግስቱ ቀረች። ለሁሉም መምህራን እንደማንኛውም ቀን እንዲያዩዋት፣ በመጀመሪያው ወር ድንገት ጥቁር ሰሌዳ እንዳያስወጧት ተነገረ። ለልጆቹ ጥያቄም መልስ ተለማመደች፦ «አሞኝ ነበር፣ ተሽሎኛል፤ ሒሳብ የት ደረሳችሁ?»

በሦስተኛው ሳምንት 3:30 ላይ ስትደርስ የተለመደው የጥበቃ ሠራተኛ አልነበረም፤ ተተኪው «ሰዓት አልፏል» ብሎ መለሳት። ወረቀቱ እጇ ላይ ነበር፣ ለማሳየት አፈረች። ከዚያ በኋላ ፈቃዱ በጥበቃ ቤቱ መዝገብ ውስጠኛ ሽፋን ላይ ተለጠፈ፣ የዩኒት ሊደሩም ስልክ አብሮ ተጻፈ።

የመውጫ ካርዱም ጣጣ ነበረው። ሦስቱንም ጊዜ በየቀኑ፣ ባያስፈልጋትም መጠቀም ጀመረች። እንዲህ ሲሆን ካርዱ ራሱ ሌላ መሸሻ ይሆናል። በመጋቢት አጋማሽ ወደ ሁለት፣ በመጨረሻው ሳምንት ወደ አንድ ወረደ፤ ሚያዝያ ላይ ቦርሳዋ ውስጥ ሆኖ ሳይወጣ መዋል ጀመረ።

መጋቢት ሲያልቅ ሙሉ ቀን ትውል ነበር። ከዚያ ፋሲካ መጣ፣ ሚያዝያ 12። አራት ቀን ከወላጆቿ ጋር ቆይታ ማክሰኞ ጠዋት ቁርጠቱ ተነሳ፣ አስመለሳት፣ ቀረች። እናት «ሁሉም ነገር ከዜሮ ሆነ» አለች። አልሆነም። ከበዓልና ከዕረፍት በኋላ ያለው የመጀመሪያ ጠዋት ለእንዲህ ዓይነት ልጅ ሁልጊዜም ከባዱ ነው፤ አስቀድሞ ተነግሯቸውም ነበር። መሰላሉን እንደ አዲስ መጀመር ስህተት ነው፤ አንድ ደረጃ ብቻ ነው የሚወረደው። ረቡዕ ከዕረፍት በኋላ ገባች፣ ሐሙስ ከመጀመሪያው ክፍለ ጊዜ። ለሚቀጥለው በዓል እሑድ ከሰዓት ወደ አክስቷ ቤት እንድትመለስ፣ በዋዜማውም እስከ በሩ በእግሯ ደርሳ እንድትመጣ ተወሰነ።

የደረሰችበት

ሰኔ ላይ ሚኒስትሪን ተፈተነች፤ አለፈች። በግንቦትና በሰኔ የቀረችው ሦስት ቀን ነው፣ አንዱ በእውነተኛ ጉንፋን። ኤስዲኪው ሲደገም የስሜት ነጥቧ 5፣ ጠቅላላው 12 ሆነ። «ምናለ ባይነጋ» የሚለው ከመጋቢት ወዲህ አልተሰማም። ሆዷ አሁንም ሰኞ ሰኞ ትንሽ ይላታል፤ ይዛው ትሄዳለች። መሰላሉ ላይ የመጨረሻውን ደረጃ አልጨረሰችውም፤ ሰልፉን እስከ ዓመቱ መጨረሻ ከግድግዳው አጠገብ ነው የቆመችው፣ ከአንዲት አዲስ ጓደኛ ጋር። ጓደኝነቱ በአጋጣሚ አልመጣም፤ ሆምሩም መምህሩ በየካቲት መጨረሻ መቀመጫ ሲቀይር ከሌላ ሰፈር ፈርሶባት ከመጣች ልጅ አጠገብ ስላስቀመጣት ነው። ከሠራነው ሁሉ ይህኛው ሳይበልጥ አልቀረም።

የቀረው አደጋ 9ኛ ክፍል ነው፦ አዲስ ግቢ፣ አዲስ ሰልፍ፣ ወላጆቿ ካሉበት ኮንዶሚኒየም አጠገብ። ነሐሴ ላይ በእሷና በእናቷ ፈቃድ አንድ ገጽ ማስተላለፊያ ተጻፈ። ምርመራም ሆነ ታሪክ የለበትም፤ ሰልፍ ላይ ዳር እንድትቆም፣ በመጀመሪያዎቹ አራት ሳምንታት የመውጫ ካርድ እንዲኖራት፣ ሁለት ቀን በተከታታይ ከቀረች በዚያው ቀን ለእናቷ እንዲደወል፣ «ሲሻልሽ ነይ» እንዳትባል ይላል። እናትየው ቅጂውን ለአዲሱ ትምህርት ቤት ዩኒት ሊደር በእጇ ሰጠች፤ ልጅቷም ትምህርት ከመከፈቱ በፊት ሁለት ጊዜ ግቢውን ዞራ አየች፣ መጸዳጃ ቤቱ የት እንደሆነ፣ በሩ እንደሚዘጋም አረጋግጣ።